«ሶኬቱን ቆርጣችሁ ጣሉት» ለሚለው ጽሑፍ ከጅማ የተሰጠ ምላሽ

በስልክ እየተቀባበለ የጅማን ጋራዦች ያዳረሰ አንድ ጽሑፍ እኔም ጋ ደርሷል። የሞተር ኮምፒውተር ሶኬት ሲበላሽ ገመዱ እንዴት እንደሚቀጠልና ሶኬቱ እንዴት ተመልሶ እንደሚገጣጠም ያስተምራል። ምክሮቹ ባጭሩ እነዚህ ናቸው። ያስቸገረ ሶኬት ተቆርጦ ገመዶቹ ከኮምፒውተሩ ጋር በቀጥታ ይያያዙ፤ ፒን ከመጭመቅ በሊድ መበየድ ይሻላል፤ ገመድ በቀለሙ ስለሚታወቅ ዲያግራም አያስፈልግም፤ ሶኬቱ በቤንዚን ታጥቦ በግሪስ ይሞላ፤ መስመሩ በአምፖል ቴስተር ይፈተሽ፤ የቼክ ኢንጅን መብራት ከጠፋ ሥራው አልቋል።

ጸሐፊው ስማቸውን አላሰፈሩም። አጻጻፋቸው ግን መኪና የለመደ እጅ እንዳላቸው ይመሰክራል፤ ዝም ማለት ያቃተኝም በዚህ ምክንያት ነው። ሙያውን የማያውቅ ሰው ቢጽፈው ማንም አይሰማውም ነበር። ይህን ግን እኔ ዘንድ ሥራ የሚለማመዱ ሁለት ልጆች ስልካቸው ላይ አስቀምጠውት፣ አንዱ ለሌላው እያነበበለት ደረስኩ።

ትክክል ያሉትን ላስቀድም። ዝናብ ሲመታው የሚጠፋ መኪና ሲመጣ ኮምፒውተሩ ሞቷል ከማለታችሁ በፊት ሶኬቱን እዩ ብለዋል። እውነት ነው። ጅማ ክረምቱ ከገባ ዝናቡ ፋታ አይሰጥም፤ በዚያ ወቅት ኮምፒውተሩ ተቃጥሏል ተብለው የመጡልኝን መኪኖች ስከፍት አብዛኛውን ጊዜ ያገኘሁት ደህና ኮምፒውተርና አረንጓዴ የያዘ ፒን ነው። ባለቤቱ ግን ሳያስመረምር ከአዲስ አበባ፣ ከሶማሌ ተራ ያገለገለ ኮምፒውተር አስመጥቶ ያስገጥማል። መኪናው ኢሞቢላይዘር ካለው የመጣው ኮምፒውተር የዚያን መኪና ቁልፍ አያውቀውም፤ ሞተሩ አይነሳም፤ ሌላ ወጪ ይከተላል። በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ የግል አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ ደግሞ አሁን በእጃችን ያሉት ቪትዞችና ኮሮላዎች ገና ብዙ ዓመት የምንጠግናቸው ናቸው። ስለዚህ ሶኬቱን እዩ ማለታቸው ትልቅ ነገር ነው። የምንለያየው ከታየ በኋላ ምን ይደረግ በሚለው ላይ ነው።

ቆርጦ በቀጥታ ማያያዝ የጽሑፉ ምሰሶ ነው። ጸሐፊው ሶኬቱን የሚያዩት ፋብሪካው ለመገጣጠም እንዲቀለው ብቻ ያስገባው፣ እኛ ልንዘለው የምንችለው ነገር አድርገው ነው። ፈትቶ ጠረጴዛ ላይ የዘረጋው ሰው እንዲህ አይልም። እያንዳንዱን ፒን ከቤቱ እንዳይወጣ የምትይዝ ትንሽ የፕላስቲክ ምላስ አለች። ምላሷ ብትደክም እንኳ ፒኑ ወደ ኋላ እንዳያፈገፍግ ሁለተኛ መቆለፊያ አለ፤ ብዙ ጊዜ ቀለሙ ከሶኬቱ ይለያል። ኮፋኖ ስር በሚውል ሶኬት ላይ ደግሞ እያንዳንዱ ገመድ የራሱ ጎሚኒ፣ ማለትም ውኃ የማያስገባ የላስቲክ ማሸጊያ አለው፤ ገመድ የማይገባባቸው ቀዳዳዎች በመድፈኛ ተዘግተዋል፤ ሶኬቱ ከኮምፒውተሩ ጋር የሚገጥምበት ዙሪያም በላስቲክ ቀለበት ታሽጓል። ሶኬቱ ሲቆረጥ እነዚህ ሁሉ አብረው ይጣላሉ። በዚያ ላይ ገመዱ ኮምፒውተሩ ፒን ላይ በቀጥታ ሲበየድ የሞተሩ ንቅናቄ በሙሉ የሚያርፈው ኮምፒውተሩ ውስጥ ባለው ቦርድ ላይ ነው።

ባለፈው ሐምሌ ከአጋሮ መንገድ ተጎትቶ የመጣ ኮሮላ ነበር። ኮምፒውተሩ ኮፋኖ ስር ነው። ዝናብ ሲጥል ይጠፋል፤ ፀሐይ ወጥታ አንድ ሰዓት ያህል ሲቆም ይነሳል። አንድ ሌላ ጋራዥ ውስጥ አምስት ገመዶች ከሶኬቱ ተቆርጠው ኮምፒውተሩ ላይ ተበይደውለት፣ በናስትሮ ተጠቅልለዋል። ናስትሮውን በጥፍሬ ስገልጠው ማጣበቂያው በሞተሩ ሙቀት ቀልጦ እንደ ማር ጣቴ ላይ ተሳበ። ከስሩ ውኃ አቁሯል። የመዳቡ ጫፍ አረንጓዴ ዱቄት ሆኖ ስነካው ረገፈ።

ከአምስቱ አንዱ የውኃ ሙቀት ሴንሰሩ መስመር ነበር። ይህ ሴንሰር ሲሞቅ ሬዚስታንሱ፣ ማለትም ከረንትን የሚያግድበት መጠን፣ እየቀነሰ ይሄዳል፤ ብዙ ቶዮታዎች ላይ በ20 ዲግሪ ከ2 ሺህ ኦም ትንሽ ከፍ ይላል፣ 80 ዲግሪ ሲደርስ ወደ 300 ኦም ይወርዳል። እንግዲህ መጋጠሚያው ላይ ያለው ዝገት 2 ሺህ ኦም ቢጨምርበት፣ ሞተሩ 80 ዲግሪ ሞቆ እያለ ኮምፒውተሩ የሚያየው 2 ሺህ 300 ነው። በጅማ ረፋድ ላይ ገና ቁልፍ ያልዞረበት ሞተር ይመስለዋል። ስለዚህ ቤንዚን ይጨምርለታል። መኪናው ይጨሳል፤ ካንዴላው ይጠቁራል፤ ባለቤቱ ነዳጅ በላብኝ ብሎ ኢንጀክተር ያሳጥባል። የዚህ ሁሉ መነሻ በጥፍር የሚገለጥ አንድ የገመድ ጫፍ ነው።

ወደ ሊዱ ልለፍ፤ እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ ካልጻፍኩ ልጆቹ አያምኑኝም።

ጸሐፊው ሊድ ሁለቱን መዳቦች አቅልጦ አንድ ስለሚያደርግ ከመጭመቅ ይበልጣል ይላሉ። ሊድ መዳብን አያቀልጥም። 63 እጅ ቆርቆሮና 37 እጅ እርሳስ የሆነው የተለመደው ሊድ በ183 ዲግሪ ይቀልጣል፤ መዳብ ለመቅለጥ ከ1,000 ዲግሪ በላይ ይፈልጋል። ሊዱ የሚያደርገው በመዳቡ ክሮች መካከል ሰርጎ መግባት ነው፤ ችግሩም ከዚያው ይመጣል። የኩራዝን ክር አስቡት፤ ጋዙን ከታች መጥጦ ወደ ላይ ያወጣዋል። ካውያው ሲያሞቀው ሊዱም እንዲሁ በክሮቹ መካከል እየተመጠጠ ከላስቲኩ ስር ይገባል፤ የት ድረስ እንደሄደ ከውጭ አይታይም። ሊዱ እስከደረሰበት ገመዱ እንደ ምስማር ይደርቃል፤ ከዚያ ወዲያ ግን እንደ ቀድሞው ልስልስ ነው። ሞተሩ በተንቀጠቀጠ ቁጥር ገመዱ የሚታጠፈው በዚያች ድንበር ላይ ነው። ሽቦን ወዲያና ወዲህ እያጠፈ የበጠሰ ሰው መጨረሻውን ያውቀዋል። የሚበጠሰው ደግሞ ላስቲኩ ስር ስለሆነ ከውጭ ሲያዩት ደህና ይመስላል። መኪናው አንዴ ይነሳል፣ አንዴ ይጠፋል፤ መካኒኩ ፓምፕ ይቀይራል።

ጸሐፊው መጭመቅን የናቁት በተራ ፒንሳ ጨፍልቆ የሚያልፈውን እያዩ ይመስለኛል። እሱንማ እኔም እንቃለሁ። ትክክለኛው ግን ሌላ ሥራ ነው። የፒኑ ጅራት ሁለት ጥንድ ክንፍ አለው። የፊተኞቹ ክንፎች የተላጠውን መዳብ፣ የኋለኞቹ ላስቲኩን ወይም ጎሚኒውን ያቅፋሉ። ለፒኑ የተሠራው መጭመቂያ የፊተኞቹን ክንፎች ወደ ውስጥ ጠቅልሎ ክሮቹ መሃል ይቀብራቸዋል። በደንብ ሲጨመቅ ክሮቹ እርስ በርስ ተፋጭተው ክብነታቸውን ያጣሉ፤ በመካከላቸው አየርም እርጥበትም የሚገባበት ክፍተት አይቀርም። መዳቡን ከዝገት የሚጠብቀው ይህ ነው። የኋለኞቹ ክንፎች ደግሞ ንቅናቄው መዳቡ ጋ ሳይደርስ ላስቲኩ ላይ እንዲቀር ያደርጋሉ።

ልጆቹን የማሠራቸው እንዲህ ነው። ጎሚኒው ከሁሉ በፊት ገመዱ ላይ ይገባል፤ እሱን የረሳ፣ ፒኑ ከተጨመቀ በኋላ ቆርጦ ከመጀመር ሌላ አማራጭ የለውም። ከዚያ 4 ወይም 5 ሚሊሜትር ያህል ይላጣል። 0.5 ስኩዌር ሚሊሜትር የሚባለው ቀጭን ገመድ እንደ አሠራሩ 7 ወይም 16 ክሮች አሉት፤ በማጉያ መነጽር እንቆጥራቸዋለን። ከ7ቱ ሁለቱ በመላጫው ከተቆረጡ ከሩብ በላይ መዳብ ጠፍቷልና እንደገና ይላጣል። ከተጨመቀ በኋላ የክሮቹ ጫፍ ከፊተኛው ክንፍ ትንሽ ብቅ ብሎ ይታያል፤ በሁለቱ ጥንድ ክንፎች መካከል ባለችው ክፍት ቦታ ደግሞ መዳቡም ላስቲኩም ጎን ለጎን ይታያሉ። ላስቲኩ ፊተኛው ክንፍ ውስጥ ከገባ ፒኑ የነከሰው ላስቲክ ነው። ከዚያ በእጅ እንጎትተዋለን። የሚወጣ ከሆነ እዚሁ ጠረጴዛ ላይ ይውጣ፤ በጎጀብ ቁልቁለት ላይ አይውጣ።

ለእያንዳንዱ የፒን ዓይነት የሚሆን መጭመቂያ ጅማ ላይ ከየት ይመጣል የሚል ጥያቄ እንደሚነሳ አውቃለሁ። እኔም ለሁሉም የለኝም። በዚህ ጊዜ የማደርገው ተመሳሳይ ሶኬት ከተጣለ መኪና ላይ ከነጅራቱ መግዛት ነው። ፋብሪካው የጨመቀውን ፒን ከ15 ወይም 20 ሴንቲሜትር ገመዱ ጋር አወጣና ወደ እኛው ሶኬት አስገባዋለሁ። ገመድ ከገመድ የሚገናኝበትን ከሶኬቱ ራቅ አድርጌ፣ በመገናኛ ቱቦ ጨምቄ፣ ውስጡ ማጣበቂያ ያለውን በሙቀት የሚኮማተር ላስቲክ አለብሰዋለሁ። መገናኛዎቹ አንድ ቦታ ላይ ከተከመሩ የገመዶቹ እሽግ እንደ እባብ ሆድ ስለሚያብጥ አንዱን ከሌላው 3 ወይም 4 ሴንቲሜትር ከፍ ዝቅ አደርጋለሁ። ሻጩ ጅራቱን አሳጥሮ የቆረጠውን ሶኬት ግን በርካሽ ቢሰጣችሁም አትግዙት።

የኩራዙ ነገር በሌላ መንገድም ይመጣል፤ ጽሑፉ ስላልነካው ልጨምር። ውኃም ዘይትም በክሮቹ መካከል ተመጥጦ ላስቲኩ ውስጥ ለውስጥ ይጓዛል። ዘይት ከሚነካው ሴንሰር ተነስቶ ኮምፒውተሩ ሶኬት ድረስ የመጣ ዘይት በዓይኔ አይቻለሁ። ሶኬቱ ውስጥ ዘይት ካገኛችሁ ጠርጋችሁ አትዝጉት። ያ ገመድ ከየት እንደሚመጣ ተከተሉት፤ ጫፉ ላይ ያለው ሴንሰር አፍስሷል፤ እሱ ካልተቀየረ ተመልሶ ይሞላል።

በቀለም ማገናኘት ስለሚለው። እኔ ጋ ከሚመጡት ቶዮታዎች ቀላል የማይባሉት መሪያቸው ከቀኝ ወደ ግራ ዞሮ የመጡ ናቸው። መሪው ሲዞር ገመዱም ይቀጠላል፤ የቀጠለው ሰው የተጠቀመው እጁ ላይ የነበረውን ቀለም ነው። ሶኬቱ አፍ ላይ ቢጫ የነበረ ገመድ ዳሽቦርድ ስር ሰማያዊ ሆኖ ይጠብቃችኋል። ማንም ያልነካው መኪና ላይ እንኳ አንድ ቀለም በአንድ ገመድ ብቻ አይወሰንም። ቶዮታ ላይ ቡናማ ገመድ ብታገኙ የሴንሰሮቹ ኔጋቲቭ ሊሆን ይችላል፤ የሞተሩ ማሳም፣ ማለትም ከሞተሩ ብረት ጋር የሚያያዘው ኔጋቲቭ፣ ሊሆን ይችላል። ሁለቱም መልቲሜትር ላይ ኔጋቲቭ ያሳያሉ። ብታቀያይሯቸው ግን የኢንጀክተሩና የኮይሉ ከባድ ከረንት ለሴንሰር በተዘጋጀው ቀጭን መንገድ ይመለስና ሴንሰሮቹ በሙሉ አብረው መዋሸት ይጀምራሉ። ይህን ብልሽት ፈልጎ ማግኘት ቀናት ይፈጃል።

የምንመራው በቀዳዳው ቁጥር ነው። ሶኬቱን ገልበጥ አድርጋችሁ በባትሪ ብታበሩበት በየረድፉ ጫፍ ደቃቅ ቁጥር ታትሟል። እዚህ ላይ ልምድ ያለውም የሚሳሳትበት ነገር አለ። ዲያግራሙ ሶኬቱን ከፒኑ አፍ በኩል አይቶ የሣለው ከሆነና እናንተ ከገመዱ በኩል ከቆማችሁ ግራና ቀኙ ይገለበጣል፤ በመስታወት ፊታችሁን እንደማየት ነው። ስለዚህ ከማንኛውም ሥራ በፊት እርግጠኛ የሆናችሁበትን አንድ ገመድ፣ ለምሳሌ ቁልፍ ሳይዞርም 12 ቮልት ያለበትን ቋሚ የባትሪ መስመር፣ በዲያግራሙ ላይ ፈልጉና ጎኑ መግጠሙን አረጋግጡ። ከዚያ ባትሪው ይነቀል፤ ኔጋቲቩ ቀድሞ። ጽሑፉ ባትሪ ይነቀል የሚል አንድም ቃል የለውም፤ ይህ በጣም አሳስቦኛል።

ቀለም የማይነግራችሁ ሌላም አለ። የካን መስመር የሚባሉት፣ የመኪናው ኮምፒውተሮች እርስ በርስ የሚነጋገሩባቸው ሁለት ገመዶች እርስ በርስ የተገመዱት ያለ ምክንያት አይደለም። ከውጭ የሚመጣ ረብሻ ሁለቱንም እኩል ይነካቸዋል፤ ኮምፒውተሩ የሚያነበው ልዩነታቸውን ስለሆነ ረብሻው ይጣፋል። ስትቀጥሉ ፈታታችሁ ረጅም አድርጋችሁ ከተዋችኋቸው ይህ ጥበቃ ይቀራል፤ እስከ ሶኬቱ አፍ ድረስ መልሳችሁ ግመዷቸው። ሥራው ሲያልቅ ባትሪው እንደተነቀለ የመመርመሪያ መሣሪያ በሚሰካበት ዲያግኖስቲክ ሶኬት ላይ በ6ኛውና በ14ኛው ፒን መካከል ለኩ። በሁለቱ ጫፎች ያሉት ባለ 120 ኦም ሬዚስተሮች ጎን ለጎን ሆነው 60 ኦም አካባቢ መስጠት አለባቸው። 120 ካያችሁ ወደ አንዱ ጫፍ የሚሄደው መስመር ተቆርጧል፤ ወደ ዜሮ ከወረደ ሁለቱ ተነካክተዋል።

ቤንዚንና ግሪሱን ባጭሩ ልለፈው። የገመዶቹ ጎሚኒ በብዛት ከሲሊኮን ላስቲክ የሚሠራ ነው፤ ሲሊኮን ደግሞ ቤንዚንና የማዕድን ዘይት ሲነካው ያብጣል፣ ይላላል። የተራ ግሪስ መሠረቱም ያው የማዕድን ዘይት ነው። ለኤሌክትሪክ መገናኛ በተሠራ ማጽጃ እጠቡት፤ በደንብ ይድረቅ፤ ጎሚኒውን ማለስለስ ካስፈለገ በሲሊኮን ግሪስ ቀባ አድርጉት። መሙላት አያስፈልግም። ሶኬቱ እስኪፈስ ከተሞላ የታመቀው ግሪስና አየር ሶኬቱ እስከ መጨረሻው እንዳይገጥም ይገፋዋል፤ የሶኬቱ መቆለፊያ ማንሻ ተዘጋ ብላችሁ ስታስቡ ግማሽ መንገድ ላይ ቀርቷል።

የአምፖል ቴስተር ለፊውዝና ለፍሬን መብራት ጥሩ ነው፤ እኔም ከእጄ አይለይም። ኮምፒውተር መስመር ላይ ግን አይነካም። አንዲት ባለ 5 ዋት አምፖል በ12 ቮልት 0.4 አምፔር ትስባለች። የሴንሰር መስመር የሚሸከመው የዚያን መቶኛ ያህል እንኳ ላይሆን ይችላል፤ አምፖሉ ሲነካው በዚያች ቅጽበት የሚጎዳው ደህና የነበረው ኮምፒውተር ነው። የዲጂታል መልቲሜትር የውስጥ ሬዚስታንስ ብዙውን ጊዜ 10 ሚሊዮን ኦም ስለሆነ መስመሩን ምንም አይጫነውም። ከሁሉ የሚያስከፋው ግን የቴስተሩ መርፌ ነው። ፒኑ የሚገባበት ሴቴ ላይ ከፊት መርፌ ከተከተተበት ከንፈሩ ይከፈታል፤ ከዚያ በኋላ ሶኬቱ ቢገጥምም ፒኑን አጥብቆ አይዝም። እኔ ከጥቅም ውጭ ከሆነ ኮምፒውተር ላይ የነቀልኳቸው ወንዴ ፒኖች አሉኝ። አንዱን እያንዳንዱ ሴቴ ውስጥ አስገብቼ ስስበው ትንሽ መያዝ አለበት። እንደ ቅቤ የተንሸራተተው ይቀየራል።

የመጨረሻው ምክራቸው የቼክ ኢንጅን መብራት ከጠፋ ሥራው አልቋል የሚለው ነው። መብራቱን ያጠፋው ስካነሩ፣ ማለትም የብልሽት ኮድ የሚያነበውና የሚያጠፋው መሣሪያ ነው። ብዙ ብልሽቶች ላይ ኮምፒውተሩ መብራቱን የሚያበራው ችግሩን በሁለት ተከታታይ ጉዞ ካየው ነው፤ በመጀመሪያው ጉዞ ለራሱ ይዞ ይቆያል። ኮድ አጥፍቶ ከጋራዡ በር እስከ አጂፕ ነድቶ መመለስ እንግዲህ ምን ያረጋግጣል?

ኮሮላውን ሳስረክብ ያደረግኩትን ልንገራችሁ። ፒኖቹ በሙሉ ቀጭ ብለው ገብተው፣ ወደ ኋላ ተጎትተው አልወጡም፤ ሁለተኛው መቆለፊያም ያለ ጉልበት ገባ፤ መቆለፊያው እምቢ ካለ አንድ ፒን መንገድ ላይ ቀርቷል ማለት ነውና በጉልበት አይገፋም። ባዶ ቀዳዳዎቹ ተደፈኑ። ሞተሩ እየሠራ የፊት መብራትም ፋንም ተከፍቶ በኮምፒውተሩ ማሳና በባትሪው ኔጋቲቭ መካከል የሚጠፋውን ቮልት ለካሁ፤ ከ0.1 በታች ነበር። እሽጉን ከሶኬቱ ጀምሬ በየ10 ሴንቲሜትሩ በእጄ እያወዛወዝኩ ስካነሩ ላይ የውኃ ሙቀቱን ንባብ ተከታተልኩ፤ አልዘለለም። ከዚያ አንደኛው ልጅ በመርጫ ውኃ ሶኬቱ ላይ ለሩብ ሰዓት አርከፈከፈበት። በማግስቱ አጋሮ ደርሶ ሲመለስ ሰርቦም ሳይቀር ዝናብ ስለነበረ ወደዚያም ወሰድነው። ቁልፉን ለባለቤቱ የሰጠሁት በሦስተኛው ቀን ኮዱን ደግሜ አንብቤ ባዶ መሆኑን ካየሁ በኋላ ነው።

ከመኪናው ላይ የቆረጥኳቸው አምስት የተበየዱ ጫፎች ጠረጴዛዬ ላይ በቆርቆሮ ውስጥ አሉ። ከሁለቱ ላስቲኩን ገፍፌ ሊዱ የቆመበት ቦታ ላይ ክሮቹ የተበጠሱበትን አሳይቻለሁ። ጸሐፊው ጅማ ካሉ ወይም በዚህ ካለፉ ቡና አፈላላቸዋለሁ፤ በማጉያ መነጽሬ አብረን እንይ።